ከጠፈር ወደ ስደት፦ የሶሪያዊው አብራሪ ሙሐመድ ፋሪስ ሕይወት

ጁላይ 1987 ላይ የሶሪያ ቴሌቪዥን አንድ ለየት ያለ ንግግር በቀጥታ አስተላለፈ። በአንድ በኩል ፕሬዝዳንት ሃፌዝ አል አሳድ አለ። በሌላ በኩል ደግሞ ከምድር 350 ኪሎ ሜትር ገደማ ከፍ ብሎ የሚንሳፈፍ የ36 ዓመት የአየር ኃይል መኮንን። ፕሬዝዳንቱ ከመሬት ይጠይቃል፣ መኮንኑ ከጠፈር ይመልሳል።

25 ዓመት ቆይቶ ይሄው መኮንን ሚስቱንና ልጆቹን ይዞ የቱርክን ድንበር ተሻገረ። የሸሸው ከዚያ ፕሬዝዳንት ልጅ ነው።

ሙሐመድ ፋሪስ ይባላል። የመጀመሪያውና እስካሁን ብቸኛው ሶሪያዊ ጠፈርተኛ ነው። ታሪኩን ብዙ ጊዜ በሁለት መስመር ነው የምታገኙት፦ «ጠፈር ሄደ፣ ከዚያ ስደተኛ ሆነ»። መሃሉ ላይ ያለው ግን ይበልጣል። ስለዚህ እስቲ ከመጀመሪያው እንሂድ። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመቶች በሙሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

የአሌፖ ልጅ

ፋሪስ የተወለደው ሜይ 26 ቀን 1951 አሌፖ ውስጥ ነው። ዐረቦቹ ሃለብ ይሏታል። ከዓለም ጥንታዊ ከተሞች አንዷ፣ የነጋዴና የእጅ ባለሙያ ከተማ። ቤተሰቡ እንደ አብዛኛው የከተማው ሰው ሱኒ ሙስሊም ነው። ይሄን ልብ በሉት፣ ወደ ኋላ ላይ ይጠቅመናል።

እዚያው አሌፖ አቅራቢያ ካለው የአየር ኃይል አካዳሚ በ1973 ተመረቀ። ዓመቱ ሶሪያና ግብፅ ባንድ ላይ እስራኤልን የወጉበት የኦክቶበር ጦርነት ዓመት ነው። ፋሪስ ወታደራዊ አብራሪ ሆነ፣ የበረራ አቅጣጫ ሳይንስ አጠና፣ ቀጥሎም ሌሎችን ወደ ማስተማር ገባ።

ሶሪያ ውስጥ አየር ኃይል ማለት ዝም ብሎ አንድ የጦር ክፍል አልነበረም። ሃፌዝ አል አሳድ ራሱ አብራሪ ነበር። በ1964 የአየር ኃይሉ አዛዥ ሆነ፣ በ1966 የመከላከያ ሚኒስትር፣ በ1970 መፈንቅለ መንግሥት አድርጎ በ1971 ፕሬዝዳንት። ወደ ሥልጣን የወጣው በአየር ኃይሉ መሰላል ነው ማለት ይቻላል። መሰላሉንም ሌላ ሰው እንዳይወጣበት ጠበቀው። ቁልፍ ቁልፍ ቦታዎችን ለሚያምናቸው ሰዎች ሰጠ፤ ብዙዎቹ እንደሱ የአላዊት ማኅበረሰብ ልጆች ነበሩ። «የአየር ኃይል ደኅንነት» የሚባለውን መሥሪያ ቤት ስሙን ስትሰሙ የጠላት አውሮፕላን የሚከታተል ይመስላችኋል። ሥራው ግን የገዛ ሕዝቡን መሰለል፣ ማሰርና ማሰቃየት ነበር። ሶሪያውያን ስሙን ጮክ ብለው አይጠሩትም ነበር።

ጦርነት ላይ ደግሞ ይሄ አየር ኃይል ብዙም አልቀናውም። በጁን 1982 ሊባኖስ ሰማይ ላይ ከእስራኤል ጋር ተጋጥሞ በጥቂት ቀናት ውስጥ 80 ገደማ አውሮፕላን አጣ። በዚያው ዓመት ፌብሩዋሪ ላይ ደግሞ መንግሥት ሃማ የተባለችውን ከተማ በአመፅ ምክንያት ከበባት፣ ደበደባት፣ በሺዎች የሚቆጠር ሰው ተገደለ። ፋሪስ ያኔ የ30 ዓመት መኮንን ነው። የሚያገለግለው መንግሥት ይሄ ነው።

የሶቪየት ግብዣ

ሶቪየት ኅብረት በ1970ዎቹ መጨረሻ «ኢንተርኮስሞስ» የሚባል ፕሮግራም ነበራት። ሐሳቡ ቀላል ነው፦ ከወዳጅ አገር አንድ አብራሪ ይመረጣል፣ ሞስኮ አጠገብ «የከዋክብት ከተማ» በሚባለው ማሠልጠኛ ይማራል፣ ከሶቪየት ጠፈርተኞች ጋር ለአንድ ሳምንት ያህል ጠፈር ደርሶ ይመለሳል። የመጀመሪያው በማርች 1978 የበረረው የቼኮዝሎቫኪያው ቭላዲሚር ሬሜክ ነው። በ1980 ቬትናምና ኩባ ተከተሉ፣ በ1984 ሕንድ።

ሳይንስ ነው ወይስ ፖለቲካ? ሁለቱም ነው። ለሞስኮ ከመቶ የፕሮፓጋንዳ ፖስተር አንድ የጠፈር ጉዞ ይበልጣል። ሶሪያ ደግሞ በ1980 ከሶቪየት ጋር የወዳጅነት ውል የፈረመች፣ ተዋጊ ጄቶቿን ከዚያው የምትገዛ አገር ነበረች። ተራው ደረሳት።

እዚህ ጋ አንድ ነገር እናስተካክል። ፌስቡክ ላይ «የመጀመሪያው ዐረብ ጠፈርተኛ» እየተባለ የሚጻፈው ልክ አይደለም። የመጀመሪያው የሳዑዲው ልዑል ሱልጣን ቢን ሳልማን ነው፤ በጁን 1985 በአሜሪካኖቹ ዲስከቨሪ መንኮራኩር ነው የሄደው። ፋሪስ ሁለተኛው ነው።

በሴፕቴምበር 1985 ሁለት ሶሪያውያን ተመረጡ፦ ሙሐመድ ፋሪስና ሙኒር ሃቢብ። አንደኛው ይበራል፣ ሌላኛው ተጠባባቂ ይሆናል። ሁለቱም ያንኑ ሥልጠና ይወስዳሉ፣ ያንኑ ሩሲያኛ ይማራሉ፣ ክብደት አልባነትንና ኃይለኛ ግፊትን ያንኑ ያህል ይለማመዳሉ። ሃቢብ ወደ ሁለት ዓመት ለሚጠጋ ጊዜ ለፍቶ በመጨረሻ መሬት ላይ ቀረ። የተጠባባቂ ነገር እንዲህ ነው፤ ስሙን የሚያስታውስ የለም።

ስምንት ቀን

ጁላይ 22 ቀን 1987። ቦታው አሁን ካዛኪስታን የሚባለው አገር ውስጥ ያለው የባይኮኑር ማስወንጨፊያ። መንኮራኩሯ ሶዩዝ ቲኤም-3 ትባላለች። ሦስት ሰው ይዛለች፦ አዛዡ አሌክሳንደር ቪክቶሬንኮ፣ መሐንዲሱ አሌክሳንደር አሌክሳንድሮቭና ፋሪስ።

ፋሪስ ከደማስቆ የመጣ አፈር በትንሽ ብልቃጥ ይዞ ነበር። የሄዱት ወደ ሚር ነው። ሚር ማለት ሶቪየቶች በፌብሩዋሪ 1986 ያመጠቋት፣ ሰው በቋሚነት እንዲኖርባት የተሠራች የጠፈር ጣቢያ ናት። መንኮራኩሯ ሁለት ቀን ያህል ተጉዛ ጁላይ 24 ላይ ተያያዘች።

እዚያ ሁለት ሰዎች ይጠብቋቸው ነበር፤ ዩሪ ሮማኔንኮና አሌክሳንደር ላቬይኪን። ከፌብሩዋሪ ጀምሮ እዚያ ናቸው። አዲስ ሰው ሲያዩ ምን ያህል ደስ እንዳላቸው አስቡት። ደስታው ግን ለላቬይኪን የተቀላቀለ ነበር። የልብ ምቱ ላይ መዛባት ስለታየ ሐኪሞቹ ከምድር ሆነው «ውረድ» ብለው ወስነውበታል። አሌክሳንድሮቭ የመጣው እሱን ለመተካት ነው። ስለዚህ የፋሪስ ጉዞ «የእንግዳ ጉብኝት» ቢባልም፣ ያው መንኮራኩር አንድ የታመመ ሰው ለማውጣትም ነው የሄደችው።

ሌላም ሰው ብዙ የማያውቀው ነገር አለ። ፋሪስ የተመለሰው በሄደባት መንኮራኩር አይደለም። አንድ ሶዩዝ ጠፈር ላይ በደኅና ሊቆይ የሚችለው ለተወሰኑ ወራት ብቻ ነው፤ ከዚያ በኋላ ነዳጁና ዕቃዎቹ አያስተማምኑም። ስለዚህ እንግዶቹ አዲሷን ጣቢያው ላይ ትተው አሮጌዋን ይዘው ይወርዳሉ። አዲሷ ለቋሚዎቹ የማምለጫ ጀልባ ሆና ትቀራለች። እያንዳንዱ ጠፈርተኛ ደግሞ በራሱ ጀርባ ቅርፅ ልክ የተሠራ የመቀመጫ ምንጣፍ አለው፣ መሬት ሲመታ አከርካሪው እንዳይጎዳ። እሱን ነቅለው ከአንዷ ወደ ሌላዋ ያዛውራሉ።

ቀኖቹ በሥራ የተሞሉ ነበሩ። የሶሪያ የሙከራ ሥራዎች በአገሩ ቦታዎች ስም ነበር የተሰየሙት፦ ፓልሚራ፣ ቦስራ፣ አፋሚያ፣ ቃሲዩን፣ ኤፍራጥስ። ክብደት በሌለበት ቦታ ብረታ ብረትና ክሪስታል እንዴት እንደሚፈጠር የሚያጠኑ ነበሩባቸው። «ኤፍራጥስ» የተባለው የሶሪያን መሬት ከላይ ፎቶ ማንሳት ነበር። ውሃዋ የት እንዳለ፣ አፈሯ ምን እንደሚመስል፣ የትኛው ቦታ ማዕድን ሊኖረው እንደሚችል።

ሚር ምድርን አንዴ ለመዞር የሚፈጅባት አንድ ሰዓት ተኩል ገደማ ነው። በቀን ውስጥ 16 ጊዜ ያህል ፀሐይ ስትወጣና ስትጠልቅ ታያላችሁ ማለት ነው። ፋሪስ 7 ቀን ከ23 ሰዓት ከ5 ደቂቃ ሲቆይ ምድርን ከ120 ጊዜ በላይ ዞሯል። አብራሪ ሆኖ ዕድሜውን በሙሉ በካርታ ላይ ድንበር ሲጠብቅ ለኖረ ሰው፣ ድንበር የሌለባትን ምድር ማየት ምን ስሜት እንደሚሰጥ ራሳችሁ ገምቱ። እሱ ራሱ በኋላ በሰጣቸው ቃለ መጠይቆች ደጋግሞ የሚያነሳው ይህንኑ ነበር።

ጁላይ 30 ከቪክቶሬንኮና ከላቬይኪን ጋር በካዛኪስታን ሜዳ ላይ አረፈ። በዚያው ቀን «የሶቪየት ኅብረት ጀግና» ተባለ፣ የሌኒን ኒሻንም ተሰጠው። ላቬይኪንም ምርመራ ተደርጎለት ደኅና ሆነ።

ሁለተኛ ጀግና አያስፈልግም

አገሩ ሲመለስ አቀባበሉ ትልቅ ነበር። ትምህርት ቤትና ጎዳና በስሙ ተሰየመ። ልጆች ስሙን ክፍል ውስጥ ተማሩት።

ቆይ ግን፣ ከዚያስ? ከዚያማ ምንም። ፋሪስ ቆይቶ እንደተናገረው፣ ሃፌዝ አል አሳድን የጠየቀው አንድ ነገር ነበር፦ ወጣት ሶሪያውያን የሚማሩበት የጠፈር ሳይንስ ተቋም እንዲቋቋም። መልሱ «አይሆንም» ነበር። የማንም አምባገነን አገር ውስጥ አንድ ፎቶ ብቻ ነው ግድግዳ ላይ የሚሰቀለው፤ ሁለተኛ ፎቶ ቦታ የለውም። ሰውዬው ጀግና እንዲባል ተፈቅዶለታል፣ ጀግንነቱን ለአንድ ነገር እንዲያውለው ግን አልተፈቀደለትም። ይሄ የኔ አስተያየት ነው፣ ግን የሕይወቱ ቀጣይ 20 ዓመታት የሚያሳዩት ከዚህ ሌላ ነገር አይደለም።

ወደ አየር ኃይሉ ተመለሰ። ወጣት አብራሪዎችን አሠለጠነ፣ ማዕረጉ እየጨመረ ጄኔራል ደረሰ። ሶቪየት ኅብረት በ1991 ፈረሰች፤ ጀግና ብሎ የሸለመው አገር ከካርታ ጠፋ። ሃፌዝ በጁን 2000 ሞተ፣ ልጁ ባሻር ወዲያው ተተካ። ሚርም በማርች 2001 ሥራዋን ጨርሳ ፓስፊክ ውቅያኖስ ላይ እንድትወድቅ ተደረገ።

2011

በማርች 2011 ዳራ በምትባል የደቡብ ሶሪያ ከተማ ልጆች ግድግዳ ላይ መንግሥትን የሚቃወም ጽሑፍ ጻፉ ተብለው ታሰሩ፣ ተደበደቡ። ወላጆች ወጡ፣ ተተኮሰባቸው። በሳምንታት ውስጥ አገሩ በሙሉ ተነሳ።

የጊዜውን መገጣጠም ተመልከቱ። ኤፕሪል 12 ቀን 2011 ዩሪ ጋጋሪን ጠፈር የወጣበት 50ኛ ዓመት ነበር። ሩሲያ ለቀድሞ የውጭ አገር ጠፈርተኞች ሜዳሊያ ስትሰጥ ፋሪስም አንዱ ነበር። ያኔ የሶሪያ ሰልፈኞች መንገድ ላይ እየተገደሉ ነው።

ፋሪስና ሚስቱ ደማስቆ ውስጥ ሰላማዊ ሰልፎች ላይ ተገኙ። ጄኔራል ሆኖ ሰልፍ መውጣት ሶሪያ ውስጥ ቀልድ አይደለም። ተራ ሰው ቢያዝ ይታሰራል፤ የአየር ኃይል መኮንን ቢያዝ ግን ከሃዲ ነው፣ ቤተሰቡም አብሮ ነው የሚከፍለው።

በ2012 ክረምት ነገሩ ወደ አሌፖ ደረሰ። ጁላይ ላይ ተቃዋሚዎች ከተማዋ ውስጥ ገቡ። በወሩ መጨረሻ ጄቶች ከተማዋን መደብደብ ጀመሩ። ከመጀመሪያዎቹ መካከል ኤል-39 የሚባሉት የቼክ ሥሪት ጄቶች ነበሩ። ኤል-39 በመሠረቱ የማሠልጠኛ አውሮፕላን ናት። ተማሪ የሚማርባት። የአየር ኃይል አካዳሚው ደግሞ የት ነበር? አሌፖ አጠገብ።

እንግዲህ አስቡት። የተወለደበት ከተማ፣ የተማረበት አካዳሚ፣ ተማሪ የሚሠለጥንበት ዓይነት አውሮፕላን። ሦስቱም አንድ ቦታ ተገናኙ፣ ቦምብ ላይ።

አብራሪዎች በዚያ ሰሞን የነበራቸው ምርጫ ጠባብ ነበር። ትእዛዝ አልቀበልም ያለ ይገደላል ወይ ይታሰራል። በአውሮፕላን መሸሽም ይቻላል፣ ግን ቤተሰብ መሬት ላይ ይቀራል። ጁን 21 ቀን ኮሎኔል ሐሰን ሐማዳ የሚባል አብራሪ ሚግ-21 ጄቱን አስነስቶ ዮርዳኖስ አረፈና ጥገኝነት ጠየቀ። በጦርነቱ አውሮፕላኑን ይዞ የከዳ የመጀመሪያው ሰው ነው።

ፋሪስ በመኪናና በእግር የሚሄደውን መንገድ መረጠ። ኦገስት 4 ቀን 2012 ከቤተሰቡ ጋር ቱርክ ገባ፣ ከመንግሥት መለየቱንም አስታወቀ። ከሁለት ቀን በኋላ ጠቅላይ ሚኒስትሩ ሪያድ ሂጃብ ራሱ መክዳቱ ተሰማ። በዚያ ሳምንት ብዙ ሰው አሳድ በወራት ውስጥ የሚወድቅ መስሎት ነበር። 12 ዓመት ፈጀ።

ፋሪስን የሚተቹትም አሉ፣ ነገራቸው ባዶ አይደለም። ከ1973 እስከ 2012 ያገለገለው ያንኑ መንግሥት ነው። ሃማ ስትደበደብ ዩኒፎርም ለብሶ ነበር። ስሙና ክብሩም ከዚያው መንግሥት የመጣ ነው። «የኛ ቤት ሲነካ ነው የነቃው» የሚል ሶሪያዊ ብታገኙ አትገረሙ። በሌላ በኩል ግን፣ ከሱ የሚበልጥ ሥልጣን የነበራቸው፣ ከሱ ያነሰ የሚያጡት ነገር ያላቸው ስንት ጄኔራሎች እስከ መጨረሻው ቀን ዝም ብለው ቦምብ አስጥለዋል። እኔ ሚዛኑን ሳየው፣ ዘግይቶም ቢሆን የወጣ ሰው ከነጭራሹ ካልወጣው ጋር አንድ አይደለም።

ፋቲህ ሰፈር

ቱርክ በአንድ ወቅት ከ3.5 ሚሊዮን በላይ ሶሪያውያን ስደተኞችን አስጠልላለች። ፋሪስ ከነሱ አንዱ ሆነ። ኢስታንቡል ውስጥ ፋቲህ በሚባለው፣ ሶሪያውያን በብዛት በሚኖሩበት ሰፈር ተቀመጠ። ሱቁ፣ ዳቦ ቤቱ፣ ማስታወቂያው ሁሉ በዐረብኛ የሆነበት ሰፈር ነው። በ2016 አንድ የእንግሊዝ ጋዜጣ ታሪኩን ሲጽፍ ነው ዓለም እንደገና ያወቀው። «የዐረቡ ዓለም ኒል አርምስትሮንግ» ብለውት ነበር።

ስደተኞችን ወክሎ ይናገር ነበር፣ ንግግርም ይሰጥ ነበር። ለአውሮፓውያን የሚለው ሐሳብ ባጭሩ ይሄ ነበር፦ ስደተኛ ካልፈለጋችሁ የሚያሰድደውን ሰው አስቁሙት።

የሚያመው ሌላም ነገር ነበር። በሴፕቴምበር 2015 ሩሲያ አሳድን ለማዳን በራሷ ጄቶች ጦርነቱ ውስጥ ገባች። አሌፖ ላይ የሩሲያ ቦምብ ወደቀ። ፋሪስ ሩሲያኛ ይናገራል፣ የከዋክብት ከተማ ኖሯል፣ የሶቪየት ጀግና ኒሻን አለው፣ አብረውት ጠፈር የሄዱት ሰዎች ሩሲያውያን ናቸው። ጣልቃ ገብነቱን በግልጽ ተቃወመ። አዛዡ የነበረው ቪክቶሬንኮ በኦገስት 2023 አረፈ።

ይሄ ዕጣ የሱ ብቻ አልነበረም። ከሱ አንድ ዓመት በኋላ፣ በኦገስት 1988፣ አፍጋኒስታናዊው የአየር ኃይል አብራሪ አብዱል አሃድ ሞህማንድ በዚያው ፕሮግራም ወደ ሚር ሄዷል። እሱም አገሩ በጦርነት ስትናጥ ወደ ጀርመን ተሰዶ እዚያው ቀርቷል። ሁለት አገር፣ ሁለት ጠፈርተኛ፣ ሁለቱም ስደተኛ።

እኛም ከዚህ ታሪክ ያን ያህል ሩቅ አይደለንም። ከጥቂት ዓመታት ወዲህ አዲስ አበባ መንገድ ላይ ልጅ ታቅፈው እርዳታ የሚጠይቁ ሶሪያውያን ያላየ ያለ አይመስለኝም። ከነሱ መሃል ከአሌፖ የመጣ ሰው ሊኖር ይችላል። ትምህርት ቤት ሳለ የፋሪስን ስም የተማረ።

አዛዝ

ሙሐመድ ፋሪስ ኤፕሪል 19 ቀን 2024 የሶሪያ ድንበር አጠገብ ባለችው የቱርክ ከተማ ጋዚያንቴፕ አረፈ። 72 ዓመቱ ነበር።

አሌፖ ሊቀበር አልቻለም፤ ከተማዋ በአሳድ እጅ ነበረች። አስከሬኑ ድንበር ተሻግሮ በተቃዋሚዎች ቁጥጥር ሥር ወደነበረችው አዛዝ ተወሰደ። ሳጥኑ ላይ የተነጠፈው ባንዲራ ሦስት ቀይ ኮከብ ያለበት አረንጓዴው የአብዮቱ ባንዲራ ነበር፤ ጠፈር ሲሄድ ይወክለው የነበረው ሁለት ኮከብ ያለው ባንዲራ አይደለም። አዛዝ ከአሌፖ 30 ኪሎ ሜትር ገደማ ብቻ ነው የምትርቀው። ከአዲስ አበባ ቢሾፍቱ እንኳ ከዚያ ይርቃል።

ሰባት ወር ከምናምን በኋላ፣ በኖቬምበር 2024 መጨረሻ፣ ተቃዋሚዎች በቀናት ውስጥ አሌፖን ያዙ። ዲሴምበር 8 ቀን ባሻር አል አሳድ በአውሮፕላን ወደ ሞስኮ ሸሸ። አሁን የሶሪያ ብሔራዊ ባንዲራ የፋሪስ ሳጥን ላይ የነበረው አረንጓዴው ባንዲራ ነው።